መሪጌታ ካዛንቺስ ያመሹ ዕለት

ሥራ ያቆምኩት ጉልበቴ ስላስቸገረኝ ነው ብዬ ለሰው እናገራለሁ። ውሸት አይደለም። ደረጃ መውጣት አቅቶኝ እንግዶቼ «ቀስ በይ» እያሉ እኔን መጠበቅ ሲጀምሩ፣ መሪና ተመሪ እንደተቀያየርን ገብቶኛል። ሌላም ምክንያት ግን ነበረኝ። ስመራበት የኖርኩት ካዛንቺስ ፈረሰ። አንድ ቀን በጠዋት ሄጄ ቆምኩና የትኛው ቤት የት እንደነበረ ለራሴ መለየት አቃተኝ። እኔ ያልለየሁትን ለእንግዳ ምን ብዬ ላሳይ? በዚያው ወር የአስጎብኚነት መታወቂያዬን ለቢሮው መለስኩ፤ ወረቀቴን ጨረስኩና ዕቃዬን ጭኜ እስቴ፣ መካነ ኢየሱስ ከተማ፣ ወንድሜ ግቢ ገባሁ።

እማዋይሽ ጥበቡ እባላለሁ። ከሃያ ዓመት በላይ አዲስ አበባን በማታ ለእንግዳ ሳሳይ ኖሬአለሁ። ከምሽቱ አንድ ሰዓት ላይ ስድስት ሰባት ሰው ከሆቴል በር እረከባለሁ። ፒያሳ ጠጅ ቤት እንጀምራለን፤ ካዛንቺስ አዝማሪ ቤት እንቀመጣለን፤ ጉልበት የተረፈው ካለ ቦሌ ጭፈራ ቤት አይቶ ስድስት ሰዓት ተኩል ላይ ወደ ሆቴሉ ይመለሳል። ይኸው ነው። እዚህ እስቴ ጎረቤቶቼ «አዲስ አበባ ምን ትሠሪ ነበር?» ሲሉኝ በአንድ ትንፋሽ የምነግራቸው ይህንኑ ነው። ዛሬ ያለ ሐፍረት የምነግራቸው ግን በሁለት ሰዎች ምክንያት ነው፤ አንዱ አለቃዬ ነበር፣ አንዱ አባቴ።

የተወለድኩት ታች ጋይንት፣ ከአርብ ገበያ የሁለት ሰዓት የእግር መንገድ ላይ ነው። አባቴ መሪጌታ ጥበቡ የድጓ መምህር ነበሩ፤ ቅኔም ያስቀጽላሉ። ሴት ልጅ ከተማሪዎቹ መሐል አትቀመጥም። እኔ ግን ውኃ ሳቀብል፣ እንጨት ሳስገባ፣ ከጎጆው ውጭ ቆሜ እሰማለሁ። አባቴ ተማሪውን «ሰሙን ነገርከኝ፤ ወርቁስ የት ገባ?» ሲሉት፣ እኔ በሆዴ እመልሳለሁ። አንዳንዴ ከተማሪው ቀድሜ አገኘዋለሁ። ለማን እነግራለሁ? ማሰሮዬን ይዤ እሄዳለሁ።

አሥራ ሁለተኛን ስጨርስ አክስቴ ዘንድ አዲስ አበባ ሄድኩ። አንድ ሆቴል ልብስ አጠባ ገባሁ። እንግሊዝኛዬ ሲፈታ እንግዳ መቀበያው ላይ አቆሙኝ። ጋሽ ወልዴን ያወቅሁት እዚያ ነው። ዱሮ የዚያው ሆቴል በር ጠባቂ የነበረ፣ በኋላ ለአንድ አስጎብኚ ቢሮ የማታ እንግዶችን የሚመራ፣ ክራቫቱን ሳያስር ከቤቱ የማይወጣ ሰው ነበር። አንድ ከሰዓት መጥቶ የአዝማሪ ግጥም የሚጽፍበትን ደብተር ፊቴ ዘረጋ።

«አንቺ የጎንደር ሰው ነሽ አሉ። ትናንት አንድ የእስቴ ልጅ ይቺን ገጠመና ቤቱ ሁሉ አለቀሰ። እኔ ምኑ እንደሚያስለቅስ አልገባኝም።»

ስጦታው የሚባል አዝማሪ ነው የገጠማት። እንዲህ ትላለች፦

አባቴ ገበሬ ሲደክም የኖረው፣
ጨብጦት ሞተ እንጂ እርፍን መቼ አየው።

«ጋሽ ወልዴ፣ እርፍ ምንድን ነው?» አልኩት።

«እርፍ ማለት ነዋ። ማረፍ።»

«እኛ አገር ደግሞ ገበሬው ሲያርስ በእጁ የሚይዘው እንጨት እርፍ ይባላል። ዕድሜውን ሙሉ እርፍ እንደጨበጠ፣ እርፍ ሳይል ሞተ ነው የሚለው።»

ደብተሩን ዘጋው። «ይህን ሁሉ ዓመት ለእንግዶቼ ግማሹን ብቻ ስነግራቸው ኖሬአለሁ» አለና «ነገ ማታ ሥራ አለሽ?» ሲል ጠየቀኝ። ሥራ የለኝም አልኩት። ከዚያ በኋላ ማታዬ ሁሉ ሥራ ሆነ።

ጋሽ ወልዴ ያስተማረኝ ብዙ ነው። በማታ የሚወስድበትን መንገድ በዚያው ቀን በፀሐይ ይሄድበታል። ትናንት ያልነበረ ጉድጓድ ዛሬ ሊኖር ይችላል ይላል። አንድ ቤት ስንደርስ ከባለቤቱ በፊት ለዘበኛው እጅ ይነሳል። ጠጅ ቤት ገብቶ ጠጅ አይቀምስም። ራት ሳይበላ ሥራ አይወጣም፤ «የራበው መሪ ይቸኩላል» ይላል። እንግዳ የሚቆጥረው በጫማ ነው። ሰው ኮቱን ያወልቃል፣ ኮፍያ ያደርጋል፣ በመብራቱ ፊቱ ይለዋወጣል፤ ጫማ ግን እስከ መጨረሻው ያው ነው። ሆቴል በር ላይ ሰላምታ ሲሰጥ ዓይኑ ወደ መሬት ነው። እንግዶቹ ዓይን አፋር ይመስላቸዋል፤ እሱ ግን እየመዘገባቸው ነው።

ከሁሉም የማልረሳው አንድ ልማዱ አለ። በመንገድ ዳር ሴቶች የቆሙበት ጋ ስንደርስ ድምፁን ከፍ አድርጎ በሌላው ወገን ስላለ ሕንፃ ማውራት ይጀምራል። የእንግዶቹ ዓይን ሁሉ ወደዚያ ይዞራል። አንድ ቀን ለምን እንደሚያደርገው ጠየቅሁት።

«እዚህ የሚሠራ ሰው ነው ያለው፤ የሚታይ ሰው የለም» አለኝ። «ዘፈኑን አሳይ፣ ምግቡን አሳይ፣ ቤቱን አሳይ። ሰው ግን ካልፈቀደልሽ አታሳዪ።»

የኔ ድርሻ ግጥም መተርጎም ሆነ። ቀስ በቀስ መላው ገባኝ። አዝማሪው ሲጨርስና ቤቱ ሲስቅ ወዲያው መተርጎም የለብሽም፤ ሳቁን ትሰርቂባቸዋለሽ። መጀመሪያ ሰሙን ትነግሪያቸዋለሽ። ጠጃቸውን ሁለት ሦስት ጊዜ ይጎነጩ። ከዚያ ወርቁን ስትነግሪያቸው ቤቱ ሁሉ ዝም ካለ በኋላ የእነሱ ጠረጴዛ ብቻውን ይስቃል፤ ስጦታውም ዞሮ ይጠቅሰኛል። ዓይን አፋሩን እንግዳ ግድግዳ ጥግ፣ ተጫዋቹን ማሲንቆው ሥር ታስቀምጫለሽ። የማይተረጎምም አለ። የእንግዳውን መላጣ የሚነካ ግጥም «ስለ ጨረቃ ነው» ተብሎ ያልፋል።

ለአገር ቤት ግን ይህን አልነገርኩም። ወላጆቼ «ሆቴል ጽሕፈት ቤት» እንደምሠራ ነው የሚያውቁት። የመሪጌታ ልጅ በማታ ከመጠጥ ቤት መጠጥ ቤት ትዞራለች ቢባል፣ አባቴ ደጀ ሰላም ምን ብለው ይቆማሉ? እያልኩ ዓመታት አለፉ። ጋሽ ወልዴ ዕድሜው ገፍቶ ቤቱ ሲቀመጥ ዋና መሪዋ እኔ ሆንኩ።

ስጦታው በሚጫወትበት ቤት አንዲት አስተናጋጅ ነበረች። እዚያ ሄለን ይሏታል። ስሟ ደብሬ ነው፤ የሲማዳ ልጅ ናት። በአነጋገሬ አውቃኝ በመጀመሪያው ማታ ወደ ጆሮዬ ጠጋ አለች።

«እትዬ፣ ቤተሰቤ ልብስ ስፌት ፋብሪካ ያለሁ ነው የሚመስላቸው። እንግዶችሽ ፎቶ እንዳያነሱኝ አደራ።»

«እኔ እያለሁ ማንም አያነሳሽም» አልኳት።

ሁለት ዓመት ቃሌን ጠበቅሁ። በሦስተኛው ዓመት ቢሮው አንድ እንግዳ ላከልኝ። ስለ ጉዞ የሚጽፍ፣ ብዙ አንባቢ ያለው ሰው ነው ተባለ። የቢሮው ኃላፊ ከሰዓት ጠርቶኝ «ዛሬ የዚህን ሰው ፊት እንዳታጠቁሪ» አለኝ። ማታ ስጦታው የጎጃምን ምት ሲይዝ ደብሬ ትሪዋን እንደያዘች በትከሻዋ ወረደችበት፤ ቤቱ አጨበጨበ። ሰውየው ስልኩን አነሳ።

አይቻለሁ። ከእሱ እስከ እኔ አንድ ክንድ ነበር። እጄን ዘርግቼ ስልኩን መጋረድ እችል ነበር። ኃላፊው ያለኝ ትዝ አለኝና ተውኩት። ሲወጣ እንዲያጠፋው እነግረዋለሁ አልኩ። ሲወጣ በጣም ደስ ብሎት አመሰገነኝ፤ እኔም ሳልነግረው ቀረሁ።

በሳምንቱ ፎቶው ወጣ። ቢሮውም ወስዶ በራሱ ገጽ ላይ በትልቁ ለጠፈው። ደብሬ እየሳቀች፣ የቢራ ጠርሙሶች በትሪዋ ላይ፣ ከኋላዋ የሰከሩ ሰዎች። የሲማዳዋ ከተማ ወገዳ ያለው ወንድሟ አዳነ በስልኩ አየው። ደውሎ «ከዛሬ ጀምሮ እኅት የለኝም» ብሎ ዘጋባት። በማግስቱ ሥራውንም ቤቱንም ለቀቀች። ይህን የነገረኝ ስጦታው ነው፤ ሲነግረኝ ፊቴን አላየኝም።

ፎቶው ከገጹ እንዲወርድ ቢሮው ውስጥ ጮህኩ። አወረዱት፤ ግን አንዱ ለአንዱ ልኮት አገር ምድሩን አዳርሶ ነበር። የተከራየችበት ግቢ ሄድኩ። አከራይዋ ክፍሉን እየጠረጉ ነበር። «የት እንደሄደች አልነገረችኝም። አልቅሳ ነው የሄደች» አሉኝ። ስልኳ አይሠራም።

ጋሽ ወልዴ ቤት ሄጄ ሁሉንም ነገርኩት። የሚቆጣኝ መስሎኝ ነበር። ሰምቶኝ ሲያበቃ አንድ ነገር ብቻ ጠየቀኝ።

«የዚያን ማታ የእንግዶችሽ ጫማ ትዝ ይልሻል?»

አንድ በአንድ ዘረዘርኩለት። የሰውየው ቡናማ ቦት ጫማ ሳይቀር።

«የልጅቷስ?»

አላውቀውም። ሁለት ዓመት ሙሉ በየሳምንቱ ሳያት የደብሬን ጫማ አላየሁትም። ጋሽ ወልዴ ትከሻዬን ነካ አድርጎ ሻይ ሊያመጣ ተነሳ። ከዚያ ወዲህ ስገባ የምቆጥረው ቤት ውስጥ ያለውን ሁሉ ነው፤ አስተናጋጁን፣ ዘበኛውን፣ ዕቃ አጣቢዋን። ስልክ ያነሳ እንግዳ ደግሞ ማንም ይሁን ማን እጄ ስልኩ ፊት ነው። ኃላፊው ሁለት ጊዜ አስጠንቅቆኛል፤ አልተውኩም።

በዚያው ዓመት አባቴ ለዓይን ሕክምና አዲስ አበባ መጡ። ሁለቱንም ዓይናቸውን ሞራ ጋርዶት ነበር። አንዱን ተሠሩና እኔ ቤት አገገሙ። ማታ ማታ የት እንደምሄድ አይጠይቁኝም፤ ስገባ ግን ሁልጊዜ ነቅተው አገኛቸዋለሁ። ደብሬ ላይ የደረሰው በእኔም ሊደርስ ይችላል። አባቴ እውነቱን ከሰው ስልክ ሳይሆን ከአፌ መስማት አለባቸው ብዬ አንድ እሑድ እግራቸው ሥር ተቀመጥኩ።

«አባባ፣ እኔ ጽሕፈት ቤት አይደለም የምሠራው» አልኳቸው። ጀመርኩ፤ ማቆም አልቻልኩም። ጠጅ ቤቱን፣ አዝማሪ ቤቱን፣ ግጥሙን፣ የደብሬን ነገር ሁሉ ነገርኳቸው። መቋሚያቸው ላይ አገጫቸውን አስደግፈው ሰሙኝ።

«ልጅቷ የማን ልጅ ናት?» አሉኝ።

የአባቷን ስም ነገርኳቸው። ራሳቸውን ነቀነቁ። ከዚያ ጋቢያቸውን አስተካክለው ደረቡ።

«ይቆጡኝ እንጂ አባባ!»

«ምን ብዬ ልቆጣ? እኔስ ልጆቼን ያሳደግሁት መቼ ሠርቼ ነው? ማኅሌት ቆሜ፣ ሌሊቱን እያዜምኩ አይደለም?» አሉ። «ሌሊት የሚሠራ ሁሉ አንድ አይደለም። ግን ሳላይ አልፈርድም። ሥራሽን አሳዪኝ።»

«አዝማሪ ቤት? እርስዎ?»

«እንግዳ አይደለሁም እንዴ? ከእንግዶችሽ ጋር ቁጠሪኝ።»

በማግስቱ ማታ እንግዶቼ አምስት ነበሩ፤ ሁለቱ ባልና ሚስት፣ ሦስቱ መምህራን። አባቴ ነጭ ጋቢያቸውን ደርበው፣ ጥምጥማቸውን ጠምጥመው ተዘጋጁ። ሰው እንዳያፈጥባቸው ፈርቼ «ጥምጥሙን ቢያስቀሩትስ?» አልኳቸው።

«ጥምጥሜን አውልቄ የምገባበት ቤት ከሆነ ቀድሞውንም አልገባም። አንቺ የምትገቢበት ከሆነ ግን ከነጥምጥሜ እገባለሁ።»

ጠጅ ቤት ስንገባ መኪና ውስጥ ሆነው ጠበቁን። ካዛንቺስ ስንደርስ ክንዴን ይዘው ወረዱ። ዘበኛው ተነስቶ ቆመ። እንደ ልማዴ ሰላም ስለው እሳቸውም የልጆቹን ደኅንነት ጠየቁት። ስንገባ ቤቱ ጸጥ አለ። አንዱ ቢራውን ከጠረጴዛው ሥር ደበቀ። ስጦታው ማሲንቆውን አወረደ፤ መጥቶ ጉልበታቸውን ሳመ። ይህን ሁሉ ሰው ሥራ አስፈታሁት፤ አባቴንም አዋረድኳቸው አልኩ። ለስላሳ መጠጥ አዘዝኩላቸውና ግድግዳ ጥግ አስቀመጥኳቸው።

«አንተ የማን ልጅ ነህ?» አሉት ስጦታውን። ነገራቸው። «አያትህን አውቃቸዋለሁ፤ ድምፅህም የእሳቸው ነው። በል አታስተጓጉል፤ ሥራህን ሥራ።»

ስጦታው ማሲንቆውን መታ መታ አደረገና ፈራ ተባ እያለ አወጣት፦

ማኅሌቱን ቆመው ሌሊት ያነጉቱ፣
ምን ቀረኝ ብለው ነው ከኛ ቤት የመጡቱ።

ማንም አልሳቀም። ሰዉ ሁሉ አባቴን ያያል። አባቴ ቀስ ብለው በሆዳቸው መሳቅ ጀመሩ፤ ትከሻቸው ተንቀጠቀጠ። ያን ጊዜ ቤቱ ፈነዳ። ቢራውን የደበቀውም ሰውዬ መልሶ አወጣው። ሳቁ ሳያባራ አባቴ መቋሚያቸውን መሬት ላይ አንዴ መቱና «ተቀበል!» አሉ።

ስጦታው ጎንበስ አለ። አባቴ በዚያ ድጓ በሚያዜሙበት ድምፅ፣ ቃል በቃል፣ ለእሱ ሰጡት፦

የማታ እንጀራ ስጣት ብለምነው፣
የልጄ እንጀራ ለካስ በማታ ነው።

ስጦታው ተቀብሎ ዘፈናት። አንዴ፣ ሁለቴ፣ ሦስቴ። ሦስተኛውን ቤቱ ሁሉ አብሮት አለው። እኛ አገር ወላጅ ልጁን «የማታ እንጀራ ይስጥሽ» ብሎ ሲመርቅ፣ በእርጅናሽ አትቸገሪ፣ ፍጻሜሽ ይመር ማለቱ ነው። አባቴ ያንን ምርቃት ወስደው በሥራዬ ላይ አሳረፉት። ከሃያ ዓመት በላይ የሰው ግጥም ተርጉሜአለሁ፤ ያን ማታ ግን ከመምህራኑ አንዷ «ምን አሉ?» ብላ ስትጠይቀኝ መተርጎም አቃተኝ።

«አባቴ ናቸው» አልኳት። ሴትዮዋም ከዚያ በላይ አልጠየቀችኝም፤ መሐረቧን ሰጠችኝ።

አባቴ ሁለተኛውን ዓይናቸውን ተሠርተው ወደ ጋይንት ተመለሱ። ስለዚያ ማታ ዳግም አላወራንም። ከጥቂት ዓመታት በኋላ በሰላም አረፉ። ጋሽ ወልዴም እሳቸውን ተከትሎ አረፈ፤ ልጆቹ ደብተሩን ለእኔ ሰጡኝ።

ደብሬን ግን አልረሳሁም። ሥራ ባቆምኩበት ሰሞን ስጦታው «ወገዳ ምግብ ቤት ከፍታለች አሉ» ብሎ ነገረኝ። መካነ ኢየሱስ ከገባሁ በኋላ መንገዱ ሰላም የሆነበትን ሳምንት ጠብቄ የወገዳን መኪና ተሳፈርኩ። መንገዱ ጉልበቴን ፈጀው። ይቅርታዬን እንዴት እንደምጀምር መንገዱን ሙሉ አሰላስል ነበር።

ቤቷን ለማግኘት አልተቸገርኩም። የገበያ ቀን ነበር። ደብሬ ድንች ስትልጥ ደረስኩ። ቀና ብላ አይታኝ ቢላዋውን አስቀመጠች።

«እትዬ እማዋይሽ!»

«ደብሬ፣ እኔ ያን ማታ አይቼዋለሁ። ሲያነሳሽ አይቼ ዝም አልኩ። ይህን ልነግርሽ ነው የመጣሁት።»

«አውቃለሁ» አለችኝ። «አባትሽ ነግረውኛል።»

እኔ ምንም አልገባኝም። በርጩማ ሰጥታኝ አስቀመጠችኝ። አባቴ ከሕክምናው በተመለሱ በዓመቱ፣ መንገዱ ሲደርቅ፣ በበቅሎ ሲማዳ ድረስ መጥተው ኖሯል። የደብሬን አባት ቤት ጠይቀው ገቡ። ደብሬ ያን ጊዜ ደብረ ታቦር ሰው ቤት ተቀጥራ ነበር፤ አገር ቤት ስሟ አይነሳም። አባቴ «ከልጃችሁ ላስታርቃችሁ ብዬ ነው የመጣሁ» አሉ። ወንድሟ አዳነ ተቆጣ።

«የኔታ፣ አሰድባናለች እኮ! የእርስዎ ልጅ ብትሆን ኖሮ ምን ይሉ ነበር?» አላቸው።

«የኔም ልጅ እዚያው ናት» አሉት። «እዚያው ቤት። ሄጄ አብሬያት አምሽቻለሁ። እኅትህን ፎቶ ያስነሳቻትም እሷ ናት፤ ማገድ ስትችል አላገደችም። ይቅርታ የምጠይቅህ እኔ ነኝ። እኔ የማፍርበት ነገር ቢኖር ልጄ ምን እንደምትሠራ ሳልጠይቃት ይህን ሁሉ ዘመን መኖሬ ነው። አንተስ እኅትህን ምን ትበያለሽ፣ የት ታድሪያለሽ ብለህ ጠይቀሃት ታውቃለህ?»

አባቴ ሁለት ሌሊት እዚያው አደሩ። በሦስተኛው ቀን አዳነ ደብረ ታቦር ሄዶ እኅቱን አመጣት፤ አባቴም ጠብቀው ሁሉን በአፋቸው ነገሯት። ይህን ምግብ ቤት ያቆሙት ሁለቱ ሆነው ነው፤ ከጓሮ ሆኖ ሥጋ የሚቆርጠው እሱ ነበር።

አባቴ ስለዚህ አንድ ቃል አልነገሩኝም። የመሪጌታ ልጅ ማታ ምን እንደምትሠራ ሲማዳ ድረስ ሄደው በራሳቸው አፍ ተናግረው፣ ተመልሰው ድጓቸውን ማስተማር ቀጠሉ።

«እና ይቅር ትይኛለሽ?» አልኳት ደብሬን።

«ለአንቺ የሚሆን ቂም አልተረፈኝም፤ አባትሽ መጥተው ወስደውታል» አለች።

ገበያተኛው መግባት ጀመረ። አንዱ «ጥብስ!» ይላል፣ አንዱ «እኅቴ ውኃ!» ይላል፤ ደብሬ ትሪ ይዛ ብቻዋን ትሯሯጣለች። ጋቢዬን አውልቄ በርጩማው ላይ አኖርኩ፤ ሻሼን አጠበቅሁና ትሪውን ከእጇ ተቀበልኳት።